ልጄ ሰዓቷን ከፊቴ ላይ ታነብ ነበር

የ800 ሜትር ውድድሯን ጨርሳ መስመሩን ስታልፍ የሰዓት ሰሌዳው ፊት ለፊቷ ነበር። ቁጥሮቹ ቀይና ትልልቅ ስለሆኑ ከሜዳው ማዶ እንኳ ይነበባሉ። ልጄ ግን ሰሌዳውን አላየችም። እጆቿን ጉልበቶቿ ላይ አሳርፋ፣ ትንፋሿ ሳይመለስ ቀና አለችና ተመልካቹ ወደተቀመጠበት ዞራ እኔን መፈለግ ጀመረች። አገኘችኝ። ፊቴን ለአንድ አፍታ አየችው፤ ትከሻዋ ወረደ። ከዚያ በኋላ ወደ ሰሌዳው መዞር አላስፈለጋትም። ያኔ 12 ዓመቷ ነበር።

አጠገቤ የነበረችው ባለቤቴ "ምን ሆነህ ነው ፊትህን እንዲህ ያጠቆርከው?" አለችኝ። "ምንም አልሆንኩም" ብዬ መለስኩላት፤ እውነትም ምንም የሆንኩ አልመሰለኝም። በእጄ የያዝኩት የሴኮንድ መቁጠሪያ ልጄ ካለፈው ውድድሯ በ2 ሴኮንድ መዘግየቷን አሳይቶኛል። እኔ እሱን እያሰላሁ ነበር።

የሥነ ልቦና ባለሙያ አይደለሁም፤ አሠልጣኝም አይደለሁም። የሂሳብ ሠራተኛ ነኝ፤ ጣጣው የጀመረውም ከዚያ ሳይሆን አይቀርም፣ ቁጥር ተደርድሮ ሳይ ደስ ይለኛል። ይህን የምጽፈው ልጆቻቸውን ወደ ስፖርት ሜዳ ለሚያመላልሱ ወላጆች ነው። እኔ ዓመታት ፈጅቶብኝ የገባኝን አንዱ ወላጅ ቀደም ብሎ ቢደርስበት ብዬ ነው።

ልጄ መሮጥ የጀመረችው በ8 ዓመቷ ነው፤ ምክንያቷም የልብ ጓደኛዋ መሮጥ መጀመሯ ብቻ ነበር። ከዚያ በፊትም ቢሆን የምትሄድበትን ሁሉ በሩጫ ነበር የምትሄደው። ዕቃ አምጪ ስትባል ሮጣ ሄዳ፣ ምን እንደተላከች ረስታ፣ ሮጣ ትመለሳለች። በ9 ዓመቷ ከእኩዮቿ ጋር ተወዳድራ አንደኛ ወጣች። በማግስቱ እኔ የሴኮንድ መቁጠሪያና ባለ ካሬ ደብተር ገዛሁ። ቀን፣ ርቀት፣ ሰዓት፣ የወጣችበት ደረጃ፣ የአየሩ ሁኔታ፣ መጨረሻ ላይ ደግሞ "አስተያየት" የሚል ዓምድ አሰመርኩ። ያን ዓምድ ከዓመታት በኋላ ሳነበው የገዛ ጽሑፌ አሳፈረኝ። "በመጨረሻው 200 ሜትር ሰነፈች።" "ከኋላዋ የመጣችውን እያየች ተቀደመች።" "ዛሬ ልቧ እዚህ አልነበረም።" የተጻፈባት ልጅ የ10 ዓመት ልጅ ናት።

ከውድድር ወደ ቤት ስንመለስ መኪና ውስጥ ትምህርቱ ይጀመራል። ነገሩ ትኩስ እያለ መነጋገር ይሻላል ብዬ አምን ነበር። አልጮህም፤ ይህን በኩራት እናገር ነበር። "በጣም ጥሩ ነበር፤ ግን…" ብዬ እጀምራለሁ። ከ"ግን" በኋላ የሚመጣው ቤት እስክንደርስ አያልቅም። ሁለተኛው ዓመት ላይ ልጄ መኪና ውስጥ እንደገባች እንቅልፍ ይጥላት ጀመር። ሩጫው አድክሟት ነው ብዬ ድምፄን እቀንስ ነበር። የነገረችኝ ከብዙ ጊዜ በኋላ ነው፤ አንድም ቀን አልተኛችም። ዓይኗን ጨፍና መንገዱን በመታጠፊያዎቹ ትቆጥረው ነበር። ስንት መታጠፊያ እንደቀረ ታውቃለች።

ባለቤቴ ቀደም ብላ ነቅታብኛለች። በተነጋገርን ቁጥር እኔ ታላላቆቹን እጠራባት ነበር። ታይገር ዉድስን ተመልከቺ፤ ገና በ2 ዓመቱ በቴሌቪዥን ቀርቦ ጎልፍ ሲመታ ታይቷል። እሷም "አንተ የምታውቀው የተሳካላቸውን ነው፤ በዚያው መንገድ ሄደው የቀሩትንማ ማን በቴሌቪዥን ያሳይሃል?" ትለኛለች። አንድ ቀን ደግሞ የአንድሬ አጋሲን ታሪክ አነበበችልኝ። ግራንድ ስላም ከሚባሉት ትልልቆቹ የቴኒስ ውድድሮች 8 የነጠላ ዋንጫዎችን የወሰደ ሰው፣ በአባቱ ግፊት ያደገበትን ቴኒስ ይጠላው እንደነበር በገዛ አንደበቱ ተናግሯል። "የተሳካላቸውም እንዲህ ናቸው" አለችኝ። መልስ አልነበረኝም፤ ግን ሰው መልስ ስላጣ ብቻ አይለወጥም።

በ12 ዓመቷ መጨረሻ ላይ የሆድ ሕመም መጣ። ሁልጊዜ በውድድር ቀን ጠዋት። ሐኪም ዘንድ ወሰድናት፤ ተመረመረች፤ ምንም አልተገኘም። እኔ ልጄ እያስመሰለች ነው አልኩ። አላስመሰለችም፤ በእውነት ያማት ነበር። ሰው ሲፈራ ሰውነቱ አድሬናሊን ይለቃል፤ ልብ ይፈጥናል፣ ደም ከሆድ ዕቃ ወደ ጡንቻዎች ይዞራል፣ ሆድ ይገለባበጣል። ሕፃን ልጅ ይህን "ጭንቀት" ብሎ አይጠራውም፤ "ሆዴን አመመኝ" ነው የሚለው። ትክክልም ነው።

በዚያው ሰሞን ሰዓቷ መሻሻሉን አቆመ፤ እንዲያውም ወደ ኋላ ሄደ። እኔ ሰነፈች ብዬ ደመደምኩና ከክለቧ ልምምድ በተጨማሪ በሳምንት ሁለት ቀን በራሴ ላሠራት ጀመርኩ። አንድ ቀላል ነገር አላወቅሁም ነበር፤ ሴቶች ልጆች ቁመታቸው በፍጥነት የሚመዘዘው በአማካይ በ12 ዓመታቸው አካባቢ ነው፣ ወንዶች ደግሞ በ14 አካባቢ። እግር በአንድ ዓመት ውስጥ ብዙ ሴንቲ ሜትር ሲረዝም አካል የራሱን ልክ እንደገና መማር አለበት። በሴቶች ላይ ዳሌ ይሰፋል፣ የሰውነት ስብ ድርሻም ይጨምራል። ይህ ጤናማ ዕድገት ነው፤ በሩጫ ሰዓት ላይ ግን ለአንድ ወይም ለሁለት ዓመት ክፍያ ያስከፍላል። እኔ ይህን ሁሉ በ"አስተያየት" ዓምድ ውስጥ "ትጋት ቀንሷል" ብዬ መዝግቤዋለሁ።

ከዚያ የጫማው ነገር መጣ።

የአንድ ትልቅ ውድድር ቀን ጠዋት የግራ እግሯ የውድድር ጫማ ጠፋ። ቤቱን ገለባበጥነው። አልጋ ሥር፣ መኪና ውስጥ፣ የቆሻሻ ልብስ ቅርጫት ውስጥ። ልጄም አብራን ትፈልጋለች፤ ከሁላችንም በላይ የምትፈልገው እሷ ናት። በመጨረሻ በልምምድ ጫማዋ ሮጣ ሰባተኛ ወጣች። እኔም "ጫማው ነው" አልኩ። በዚያ ቀን ወደ ቤት ስንመለስ ትምህርት አልነበረም፤ ልጄም አልተኛችም፤ እንዲያውም መንገዱን ሙሉ ስታወራ ነበር። ከሳምንታት በኋላ ታናሽ ወንድሟ ኳሱን ለማውረድ ቁም ሣጥን ላይ ሲንጠላጠል ጫማውን በፌስታል ተጠቅልሎ አገኘው።

ክፍሏ ገብቼ ጫማውን አልጋዋ ላይ አስቀመጥኩት። ብዙ ጊዜ ዝም አለች። ከዚያ "ሁለቱንም ብደብቀው ታውቅብኛለህ ብዬ ነው" አለች። ቀጥላም፣ አባ፣ እግሬን ብሰበር ደስ ይለኝ ነበር፤ ሐኪሙ እረፊ ካለ ማንም አይከፋብኝም አለች። ያለቀሰችው እሷ አይደለችም።

ቢሆንም የሰው ልጅ ግትር ነው። በማግስቱ አሠልጣኟ ዘንድ ሄጄ የልምምዱ መርሐ ግብር ልጄን እንዳማረራት ላስረዳት ሞከርኩ። አሠልጣኟ ረጋ ያለች ሴት ናት፤ ጨርሼ እስክናገር ጠበቀችኝና "ልጅዎ ሩጫዋን እንደጨረሰች መጀመሪያ ወዴት እንደምታይ አስተውለው ያውቃሉ?" ብላ ጠየቀችኝ። ባለቤቴ ያየችውን እሷም ከመሙ ዳር ሆና አይታዋለች። ሜዳ ላይ የነበረ ሰው ሁሉ ሳያየው አልቀረም፤ ያላየሁት እኔ ብቻ ነበርኩ።

በዚያ ቀን ከነገረችኝ ውስጥ እስካሁን የማስበው አንድ ነገር አለ። ጆን ኒኮልስ የተባለ ተመራማሪ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጨረሻ እንዳሳየው፣ ትናንሽ ልጆች ጥረትንና ችሎታን አይለዩአቸውም። ለ7 ዓመት ልጅ ብዙ የደከመ ሰው ጎበዝ ሰው ነው፤ በቃ። እስከ 11 ወይም 12 ዓመት ባለው ጊዜ ውስጥ ግን ልጁ አንድ ከባድ እውነት ይገለጥለታል፤ ሁለት ሰዎች እኩል ደክመው አንዱ ሊቀድም ይችላል። ያን ጊዜ "ጠንክረሽ ሩጪ" የሚለው ቃል ትርጉሙ ይለወጣል። ጠንክራ ሮጣ ከተሸነፈች ችሎታ የላትም ማለት ይሆናል። ካልጠነከረች ግን፣ ወይም ጫማዋ ከጠፋ፣ የችሎታዋ ጉዳይ ሳይነካ ይቆያል። አሠልጣኟ ስለ ጫማው ምንም አልሰማችም ነበር። "በዚህ ዕድሜ ልጆች ምክንያት ማዘጋጀት ይጀምራሉ፤ ስንፍና እንዳይመስልዎት፣ ራሳቸውን መከላከላቸው ነው" አለችኝ። ከወንበሩ መነሣት አቃተኝ።

ከዚያ በኋላ ማንበብ ጀመርኩ፤ እንደ ልማዴ አበዛሁት። አንዳንዱ ገጽ ስለ እኔ የተጻፈ ይመስል ነበር። ለምሳሌ ልጄን "አንቺ ሯጭ ሆነሽ ነው የተወለድሽው" እላት ነበር፤ ከዚህ የበለጠ ምርቃት ያለ አይመስለኝም። ክላውዲያ ሙለርና ካሮል ድዌክ እ.ኤ.አ. በ1998 ባሳተሙት ጥናት፣ ጥያቄ በደንብ ከሠሩ ልጆች አንዳንዶቹን "ብልህ ናችሁ"፣ ሌሎችን ደግሞ "ጥሩ ጥራችኋል" ብለው አመሰገኗቸው። ቀጥሎ ከባድ ጥያቄ ተሰጥቷቸው ሲወድቁ "ብልህ" የተባሉት በፍጥነት ተስፋ ቆረጡ፤ በኋላ በተሰጣቸው ቀላል ጥያቄ ላይም ውጤታቸው ወረደ። ውጤታችሁን ለማታውቁት ልጅ ጻፉለት ሲባሉ ደግሞ ከእነዚህ ልጆች ከ10ሩ 4 ያህሉ ከፍ አድርገው ዋሹ። ይህን ሳነብ በፌስታል የተጠቀለለው ጫማ ዓይኔ ላይ መጣ።

ወንዱ ልጄ ላይም የራሴ ሙከራ ነበረኝ። እግር ኳስ ይጫወታል፤ ለሚያገባት ለእያንዳንዷ ጎል ገንዘብ እሰጠው ነበር። በመጀመሪያው ወር ጎሉ በዛ። በሁለተኛው ወር ኳስ ማቀበል ተወ። በሦስተኛው ወር ተከላካይ ሆነህ ተሰለፍ ሲባል "እዚያማ ምን ይከፈለኛል?" ብሎ ጠየቀ፤ ያውም አሠልጣኙን። ማርክ ሌፐር የተባለ ተመራማሪና ባልደረቦቹ እ.ኤ.አ. በ1973 ሥዕል መሣል የሚወዱ ሕፃናትን ወስደው ለተወሰኑት "ከሣላችሁ ሽልማት አለ" ብለው ነበር። ከሳምንታት በኋላ ሽልማት ተነግሯቸው የሣሉት በነጻ ጊዜያቸው ለሥዕል ያዋሉት ጊዜ ሽልማት ካልተባሉት በግማሽ ያህል አነሰ። በድንገት፣ ሳይጠብቁ የተሸለሙት ግን ፍላጎታቸው አልቀነሰም። ከልጄ ጋር ስምምነቱን ያፈረስነው ከብዙ ድርድር በኋላ ነው፤ ያልተከፈለ ውዝፍ አለብህ ብሎኛል።

አሠልጣኟ ስለራሷ ሥልጠና ስትናገር ደግሞ ቁጥር የምወደውን እኔን በቁጥር ያዘችኝ። በአሜሪካ የዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ሮናልድ ስሚዝና ፍራንክ ስሞል የልጆች ቤዝቦል አሠልጣኞችን ለ2 ሰዓት ተኩል ያህል አሠለጠኗቸው፤ ጥረትን አመስግኑ፣ ሲሳሳቱ አበረታቱ፣ ከዚያ አስተካክሉ፣ አትቅጡ የሚል ነው ባጭሩ። በቀጣዩ ዓመት በእነዚህ አሠልጣኞች ሥር ከነበሩት ልጆች ስፖርቱን የተዉት 5 በመቶ ብቻ ነበሩ። ካልሠለጠኑት አሠልጣኞች ልጆች ግን 26 በመቶ። በማሸነፍ በኩል በሁለቱ መካከል ልዩነት አልታየም። እኔ ይህን ቁጥር ደብተሬ ላይ ጻፍኩት፤ የመጨረሻው ጽሑፌም እሱ ሆነ።

ደብተሩን ለልጄ ሰጠኋት። "ያንቺ ነው፤ ብትፈልጊ ቅደጂው፣ ብትፈልጊ ጻፊበት" አልኳት። የሴኮንድ መቁጠሪያውንም አብሬ። ከዚያ በኋላ ባሉት ውድድሮች ከመሙ ራቅ ብዬ ተቀመጥኩ፣ መኪና ውስጥም አፌን ዘጋሁ። በጣም የተለወጥኩ መስሎኝ ነበር። በሦስተኛው ውድድር መልስ ላይ ልጄ እንደማትተኛ አየሁ፤ በመስኮቱ እያየች ነው። ቤት ስንደርስ እናቷን "አባ ተስፋ ቆረጠብኝ አይደል?" ብላ ጠየቀቻት።

ይህን ያጫወትኩት ምክንያት አለኝ። ብዙ ምክር ላይ "ከውድድር በኋላ ዝም በሉ" ይባላል፤ ምክሩ ስህተት አይደለም፤ ግን ዓመታት ሲያወራ የኖረ ሰው ድንገት ዝም ሲል ልጅ ዝምታውንም ያነበዋል። ፊቴን ማንበብ የለመደች ልጅ የደነዘዘ ፊት ብሰጣት የጻፈችበት ነገር "ተጠላሁ" የሚል ነው። ስለዚህ አንድ ቀን፣ ውድድር በሌለበት፣ ቁጭ ብዬ በቃል ነገርኳት። መኪና ውስጥ የማወራሽ ወሬ እንደሚጎዳሽ አላወቅሁም ነበር፤ አሁን ዝም የምለው ተከፍቼብሽ አይደለም፤ ስለ ሩጫው ማውራት ስትፈልጊ አንቺ ጀምሪ፤ ካልፈለግሽ ደግሞ ስለ ሌላ እናወራለን። "እሺ" አለች፤ ብዙም የተደነቀች አትመስልም ነበር።

እዚያ ላይ አንድ የተማርኩት ዓረፍተ ነገር ነበር፤ "ስትሮጪ ማየት ደስ ይለኛል" በሏቸው ይላሉ። ሞከርኩት። ልጄ ዞር ብላ አይታኝ "ይሄን ከየት አነበብከው?" አለችኝ። ተሳሳቅን። አፍህ ላይ የማይቀመጥ ቃል ልጅ ዘንድ ሲደርስ ይታወቃል። አሁን መኪና ውስጥ ስትገባ "ራበሽ?" ነው የምላት። መልሷ ሁልጊዜ አዎ ነው። ከዚያ ወሬው ወደወሰደን እንሄዳለን። በራሷ ፈቃድ ስለ ሩጫ ያወራችኝ በስንተኛው ውድድር እንደሆነ አላስታውስም፤ ያወራችው ግን ስለ ሰዓቷ አልነበረም። አብራት የምትሮጥ ልጅ የጫማዋ ማሰሪያ ተፈትቶ በእያንዳንዱ እርምጃ ቁርጭምጭሚቷን እየገረፋት አንድ ሙሉ ዙር እንደሮጠች ነበር። እኔ ያን ውድድር ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አይቼዋለሁ፤ ማሰሪያውን አላየሁትም።

ቀጥሎ የመጣው ለእኔ ከሁሉም ከባዱ ነው፤ ልጄ ማቆም ፈለገች። "ለዘላለም ሳይሆን ለትንሽ ጊዜ" አለች። ሌሊት እንቅልፍ አጣሁ። ሦስት ወር ካቋረጠች ሌሎቹ ጥለዋት ይሄዳሉ፤ ሂሳቡ ይኼው ነው። የአሜሪካ የሕፃናት ሐኪሞች አካዳሚ እ.ኤ.አ. በ2016 ያወጣውን ምክር አሠልጣኟ ባታሳየኝ ኖሮ እሺ የምል አይመስለኝም። ወጣት ስፖርተኞች በሳምንት 1 ወይም 2 ቀን ሙሉ እረፍት፣ በዓመት ደግሞ ከዋናው ስፖርታቸው በድምሩ ቢያንስ 3 ወር፣ በአንድ ወር በአንድ ወር ተከፋፍሎ፣ እንዲያርፉ ይመክራል። በአንድ ስፖርት ብቻ መወሰንንም ለአብዛኛው ስፖርት እስከ 15 ወይም 16 ዓመት ማዘግየት ይሻላል ይላል። ታላቁ የቴኒስ ተጫዋች ሮጀር ፌደረር በልጅነቱ ከቴኒስ ሌላ እግር ኳስ ሲጫወት እንደነበር ያወቅሁት ያኔ ነው፤ ይህን ለባለቤቴ ብነግራት "አሁን ደግሞ አዲስ ሰው አገኘህ" አለችኝ።

ልጄ መረብ ኳስ ተጫወተች። ጎበዝ አልነበረችም። ኳሱ ወደ ሌላ አቅጣጫ በሄደ ቁጥር ከጓደኞቿ ጋር እየተንከተከተች ትስቃለች። ስንት ዓመት ሙሉ ሜዳ ላይ ስትስቅ እንዳላየኋት ያኔ ነው የቆጠርኩት። ከአራት ወር በኋላ አንድ ማክሰኞ ማታ የሩጫ ቦርሳዋን በር ላይ አየሁት። ምንም አልጠየቅሁም። በምላሴ ላይ የመጣውን ዋጥኩት፤ ጉሮሮዬ ላይ ተሰማኝ ብል ማጋነን አይሆንም።

የሆድ ሕመሙ ሙሉ በሙሉ አልጠፋም፤ ግን ስሙ ተለወጠ። አሠልጣኟ "አትፍሪ" ብላት አታውቅም፤ አትፍሪ የተባለ ልጅ ፍርሃቱ ላይ ሁለተኛ ጥፋት ይጨመርበታል። "ሞተሩ ተነሣ ማለት ነው" ነው የምትላት። አሊሰን ዉድ ብሩክስ እ.ኤ.አ. በ2014 ያወጣችው ጥናትም ወደዚያው ይሄዳል፤ ከሰው ፊት ከመዝፈናቸው ወይም ከመናገራቸው በፊት "ጓጉቻለሁ" ብለው ለራሳቸው የተናገሩ ሰዎች፣ ተረጋጋ ብለው ራሳቸውን ከሚያባብሉት የተሻለ ሠርተዋል። የልብ ምቱ አንድ ነው፤ የሚሰጠው ስም ነው የሚለያየው። ከዚህ ሌላ አየር በአፍንጫ አስገብታ በአፍ በቀስታ፣ ካስገባችበት በረዘመ ጊዜ፣ ማስወጣት ተምራለች። ለውድድሩም ሰዓት ወይም ደረጃ ሳይሆን በእጇ ያለ ነገር ነው የምትይዘው፤ የመጀመሪያውን 200 ሜትር ሳትቸኩል መሮጥ፣ በኩርባው ላይ ትከሻዋን አለማጠንከር። ተቀድማ ጨርሳ እንኳ "ትከሻዬን ግን አየኸው?" ልትለኝ ትችላለች። አላየሁትም፤ አየሁት ማለትም አያስፈልገኝም፤ "አሳዪኝ" እላታለሁ፣ ቆማ ታሳየኛለች።

ሁሉም ጭንቀት መጥፎ እንዳልሆነ መናገር አለብኝ፤ ተሸንፎ ያለቀሰ ልጅ ሁሉ የተጎዳ ልጅ አይደለም። እኔን ሊያሳስበኝ ይገባ የነበረው ሌላ ነው። እረፍት አድርጋም የማይለቃት ድካም፣ የሠራችው ሁሉ ከንቱ መምሰሉ፣ ትወደው የነበረውን ነገር "ምን ያደርጋል" ማለቷ። የስፖርት ዝለትን የሚያጠኑ ሰዎች እነዚህን ሦስቱን አብረው ነው የሚፈልጉት፤ በልጄ ላይ ሦስቱም ነበሩ። ልጅ ጉዳት ከተመኘ ጉዳዩ ከወላጅ ምክር ያለፈ ሊሆን ይችላል። ምግብ መቀነስ ከጀመረ፣ የሴት ልጅ የወር አበባ ከቆመ፣ እንቅልፍ ከጠፋ፣ ራሴን ልጉዳ የሚል ቃል ከተሰማ ሳይውሉ ሳያድሩ ወደ ሐኪም ነው። አንድ አሠልጣኝ ብቻውን ሲቀርበው የሚሸማቀቅ ልጅም "ዓይን አፋር ነው" ተብሎ አይታለፍም።

አንዳንድ ወላጆች ውጤት ካልተለካ ልጅ እንዴት ይሻሻላል ይሉኛል። እኔም ይህን ብዬ አሠልጣኟን ተከራክሬአታለሁ። በኖርዌይ ልጆች 11 ዓመት እስኪሞላቸው የውጤት ሰንጠረዥና የደረጃ ዝርዝር አይወጣላቸውም፤ ደንቡ እ.ኤ.አ. ከ1980ዎቹ ጀምሮ አለ። ለእንደ እኔ ያለ ሰው ሰንጠረዥ የሌለበት ስፖርት ጨው የሌለበት ነገር ነው። ይኸው 5 ሚሊዮን ተኩል ያህል ሕዝብ ያለው አገር ግን እ.ኤ.አ. በ2022 በቤጂንጉ የክረምት ኦሊምፒክ 16 ወርቅ ወሰደ፤ ከአሜሪካም ከቻይናም በላይ። በረዶው ረድቷቸዋል፣ ሀብቱም፤ ይህን አልክድም። ሰንጠረዡ አለመኖሩ ግን አልጎዳቸውም።

ልጄ አሁን 17 ዓመቷ ነው። 800 ትታ 1500 ትሮጣለች፤ አንዳንዴ ጥሩ፣ አንዳንዴ እንዲያው። መስመሩን ስታልፍ ወዴት እንደምታይ አሁንም እከታተላለሁ፤ ይህን ልማድ መተው አልቻልኩም። ብዙ ጊዜ ከኋላዋ የምትመጣውን ጓደኛዋን ነው የምታየው። ደብተሩ እሷ ዘንድ አለ። ምን እንደምትጽፍበት አንድ ጊዜ ጠይቄያት "አባ፣ እንዳትለምደው" አለችኝ።

ከወንዱ ልጄ ጋር ገና ነኝ። ባለፈው ሳምንት ጨዋታው ላይ ዝም ብዬ ቆሜ ነበር፤ በ20ኛው ደቂቃ ላይ ኳሷን ይዞ ብቻውን ሲሄድ ከየት እንደመጣ የማላውቀው ድምፅ ከውስጤ ወጥቶ "አቀብለው!" አለ። ልጁ በሩጫው መሐል ቆመ። ኳሷ መንገዷን ቀጠለች። ዞሮ አየኝና ጣቱን ከንፈሩ ላይ አደረገ። አጠገቤ የነበሩት ወላጆች በሙሉ በሳቅ ፈረሱ፤ እኔ እስከ እረፍት ድረስ አፌን በመዳፌ ይዤ ቆየሁ።